ያልሞተ ሰው መርዶ

ጀሞ ኮንዶሚኒየም እኛ ብሎክ መጥታችሁ «ፍሬሕይወት የምትባል ልጅ የት ናት?» ብትሉ ማንም አያውቀኝም። «ካሜራዋ» ካላችሁ ግን ሽንኩርት የምትሸጠው ሴትዮ ሳትቀር በጣቷ ታሳያችኋለች። ስሙ የወጣልኝ ገና ትንሽ ልጅ ሆኜ ነው። እናቴ መስታወቱ የተሰነጠቀ ስልክ ነበራት። እሷ ወጥ ስትሠራ ሰርቄ እወጣና ያገኘሁትን ሁሉ እቀርጻለሁ፤ የበዓል በሬ ወደ ብሎኮቹ የጋራ ቤት፣ ወደ ኮሚናሉ አልገባም ብሎ ጎረምሶቹን ሲያተራምስ፣ ታክሲ ውስጥ ሁለት ሴቶች በመስኮት ሲጣሉ፣ አንድ ሰውዬ ደረጃ ላይ ቆሞ ብቻውን ሲያወራ። የሚገርመኝ ነገር ሰው ማንም አያየኝም ብሎ ሲያስብ ፊቱ ላይ የሚመጣው ነገር ነው። እናቴ ስልኳን ከፍታ ያን ሁሉ ጉድ ስታይ፣ «ወይ ጉዴ! ሰላይ ነው እንዴ የወለድኩት?» ትል ነበር።

ይህ የማወራላችሁ ነገር የደረሰው ኮሌጅ ገብቼ ሂሳብ አያያዝ እየተማርኩ ነው። ትምህርቱን የመረጠችው እናቴ ናት። «ቪዲዮ እንጀራ አይሆንም፤ ተማሪና ቢሮ ግቢ» ብላ ቁርጡን ነግራኛለች። እኔም እሺ ብዬ ቀን ቀን እማራለሁ፤ ቅዳሜና እሁድ ግን ብስራተ ገብርኤል አካባቢ ሠርግ የሚቀርጽ ሰውዬ ጋ መብራት እሸከማለሁ። ሰውዬው ደግ ነው። አንድ ሳምንት ሥራ ቀዝቀዝ ሲልበት፣ «እንኪ፣ እስቲ የራስሽን ነገር ሞክሪበት» ብሎ ካሜራውን አዋሰኝ። የደስታዬን ነገር ተዉት፤ ያን ሌሊት ካሜራውን አጠገቤ አስተኝቼ ነው ያደርኩት።

ምን ልሥራበት? አንድ ነገር ከድሮ ጀምሮ ሲከነክነኝ ኖሯል። መርዶ ሲነገር አይቼ አውቃለሁ። ሰዎቹ ገና አፋቸውን ሳይከፍቱ ነው መርዶ የሚነገረው ሰው የሚያውቀው። በሩን ይከፍታል፣ የቆሙትን ያያል፣ አለቀ። ማንም ምንም ሳይለው እንዴት ነው የሚያውቀው? ምኑን አይቶ ነው? ይህንን አጭር ፊልም አድርጌ ለማየት ተነሳሁ። ታሪኩ ቀላል ነው፤ አንዲት ልጅ ጠዋት በሯ ይንኳኳል፣ ትከፍታለች፣ ሰዎች ቆመዋል።

በሩ ላይ የሚቆም ሽማግሌ ስፈልግ ብዙም አልደከምኩም። ጋሽ ታደሰ አሉልኝ! ጋሽ ታደሰ የእድራችን ጸሐፊ ናቸው፤ በእኛ ብሎክ መርዶ ካለ የሚነግሩት እሳቸው ናቸው። ድምፃቸው ዝግ ያለ፣ አረማመዳቸው የረጋ፣ ሰውን የማያጣድፉ ሰው ናቸው። በማለዳ ጥቁር ኮታቸውንና ባርኔጣቸውን አድርገው ደረጃ ሲወጡ ከታዩ ሰው ሁሉ በየበሩ፣ «ደግሞ የማን ቤት ይሆን?» ይላል። እኔ ያኔ የታየኝ፣ እኚህ ሰው ትወና እንኳ አያስፈልጋቸውም የሚለው ብቻ ነው። ስጠይቃቸው ፊታቸው በራ።

«ይኸውልሽ ካሜራዋ፣ ይሄን ሁሉ ዘመን ሰው ሳስለቅስ ኖሬ አንድም ቀን ያጨበጨበልኝ የለም» አሉና ተስማሙ።

ቦታው አራተኛ ፎቅ ላይ ተከራይ የለቀቀው ቤት ሆነ። ፊት ለፊቱ የሚኖሩት እትዬ ወርቅነሽ ናቸው። ባላቸው ግንበኛ ነበሩ፤ ከፎቅ ወድቀው ከሞቱ ቆይተዋል። ያላቸው አንድ ልጅ ነው፤ ሀብታሙ። እሱም የጅቡቲ መስመር የከባድ መኪና ሹፌር ስለሆነ ሁሌ መንገድ ላይ ነው። እትዬ ወርቅነሽ በየወሩ በገብርኤል ቀን ከንጋት በፊት ተነስተው ወደ ብስራተ ገብርኤል ይሄዳሉ፤ ሲቀሩ አይቼ አላውቅም። ቀኑን ያስመረጡን ጋሽ ታደሰ ናቸው። «ወርቅነሽ በሌለችበት ቀን ይሁን። የባሏን መርዶ የነገርኳት እኔ ነኝ፤ በሯ ላይ ቆሜ ባታየኝ ይሻላል» አሉ። ትክክል ነበሩ። በገብርኤል ቀን ጠዋት ቀጠሮ ያዝን።

እትዬ ወርቅነሽ ያን ቀን ጉልበታቸውን አሟቸው ሳይሄዱ መቅረታቸውን ማናችን እንወቅ?

ጎህ ሲቀድ ሁላችንም ደረጃው ላይ ነን። እናቴና ሦስት የጎረቤት ሴቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ለብሰዋል። ጋሽ ታደሰ ከፊት ቆመዋል። እኔ ከኮሪደሩ ጫፍ ካሜራዬን ይዣለሁ። በሩን የምትከፍተውን ልጅ ክፍል ለሌላ ቀን ትቼዋለሁ። ብርሃኑ ልክ የፈለግኩት ዓይነት ነው፤ ግራጫ፣ ቀዝቃዛ። ዝም በሉ ብዬ በእጄ ምልክት ሰጠሁና መቅረጽ ጀመርኩ። ጋሽ ታደሰ የባዶውን ቤት በር ለማንኳኳት እጃቸውን ሲያነሱ፣ ከጀርባቸው ያለው በር ተከፈተ።

እትዬ ወርቅነሽ በሌሊት ቀሚሳቸው፣ ባልዲ ይዘው ብቅ አሉ። የኮቴ ድምፅ ሰምተው፣ ውሃ መጥቶ ሰው ሊቀዳ የወጣ መስሏቸው ነው አሉ በኋላ። አዩን። መጀመሪያ ሴቶቹን አዩ፣ ቀጥሎ ነጠላውን፣ ከዚያ ጋሽ ታደሰን።

«ታደሰ» አሉ። ጥያቄ አልነበረም።

አሁን የምነግራችሁን ልብ በሉ። ጋሽ ታደሰ ዞሩ፣ አዩዋቸው፣ ምን ማለት እንዳለባቸው ጠፋቸው። ከልማድ ብዛት እጃቸው በራሱ ጊዜ ተነሳና ባርኔጣቸውን አወለቁ። አንገታቸውንም ደፉ። በሌላ ጊዜ ብዙ ቤት ሲያደርጉት የኖሩትን አደረጉ በቃ።

ባልዲው ወደቀ።

«ኧረ እትዬ ወርቅነሽ፣ ኧረ ምንም የለም! ሀብታሙ ደህና ነው!» አለች እናቴ ደንግጣ።

«ሀብታሙ?» አሉ እትዬ ወርቅነሽ። «የሀብታሙን ስም ማን አነሳ?»

ከዚያ በኋላ የሆነውን ጩኸት ልገልጸው አልችልም። መሬቱ ላይ ተዘረፈጡ፤ ደረታቸውን ይመታሉ፤ ሴቶቹ ሊያነሷቸው ይታገላሉ። እኔ ካሜራውን ትቼ ሮጬ አጠገባቸው ተንበረከክኩ።

«እትዬ፣ ፊልም ነው! እኔ ነኝ ያመጣኋቸው፣ ፊልም እየቀረጽን ነው!»

«ፊልም?»

«አዎ ወርቅነሽ፣ ፊልም ነው፤ ገብርኤልን!» አሉ ጋሽ ታደሰ ላባቸው እየፈሰሰ።

እትዬ ወርቅነሽ ቀና ብለው አዩዋቸው። «ባሌ የሞተ ቀን፣ ‹ትንሽ ወድቆ ነው፣ ሐኪም ቤት ነው ያለው› አላልከኝም? ዛሬ ደግሞ ፊልም ይዘህ መጣህ? ተናገር ታደሰ! እንደ ሰው ንገረኝ!»

ይኸውላችሁ፣ ጉዱ እዚህ ላይ ነው። እኛ አገር ሞትን ከመንገራችን በፊት እንደብቃለን። «ምንም አልሆነም፣ ትንሽ አሞት ነው፣ ደህና ነው» እንላለን። ስለዚህ «ደህና ነው» ባልን ቁጥር እሳቸው የሚሰሙት ሌላ ነው። እናቴ በእግዚአብሔር ስም ማለች፤ እትዬ ወርቅነሽ ጩኸታቸውን ጨመሩ። ጋሽ ታደሰ በልጆቻቸው ማሉ፤ ባሰ። እውነቱን ይዘን የምናስረክብበት አጥተን ቆምን።

«ለምን ለራሱ አንደውልለትም?» አልኩ።

ሁሉም «አዎ! አዎ!» አለ። ስልካቸውን አንስቼ ደወልኩ። ዝግ ነው። ደገምኩ። ዝግ ነው። እትዬ ወርቅነሽ ፊቴን እያዩኝ ነው፤ ምን እንዳዩብኝ እንጃ፣ ጩኸታቸውን አቆሙና በቀስታ፣ «ከትናንት ማታ ጀምሮ ዝግ ነው። ድንበር ሊያልፍ ሲል ሁሌ ይነግረኝ ነበር» አሉኝ። እስከዚያ ደቂቃ ድረስ ሀብታሙ ደህና መሆኑን አልተጠራጠርኩም ነበር። ለካ እኛም የምናውቀው ነገር የለም! ልጁ አለ ብለን የማልነው ምኑን ይዘን ነው?

ቤት አስገብተን አልጋቸው ላይ አሳረፍናቸው። ጩኸቱን የሰማ ሁሉ መጣ። የመጣው ሰው ደግሞ ምን ሆነ ብሎ አይጠይቅም፤ ከበሩ ጀምሮ እያለቀሰ ነው የሚገባው። የእትዬ ወርቅነሽ እህት እትዬ አስካለ ከፉሪ ድረስ «ልጄ! ሀብቴ!» እያሉ ደረሱ፤ ማን እንደደወለላቸው እስካሁን አልታወቀም። ፊልም ነው ብዬ ስነግራቸው አቅፈው ሳሙኝና፣ «አይዞሽ የኔ ልጅ፣ አንቺም ደንግጠሻል» አሉኝ። በዚህ መሃል ከታች የብረት ድምፅ ሰማን። በመስኮት ስናይ የእድሩ ጎረምሶች ድንኳን እየተከሉ ነው!

ጋሽ ታደሰ እየሮጡ ወረዱ። «ማን አዘዛችሁ? አውርዱ!» ሲሉ ይሰማኛል።

«እንዴ ጋሽ ታደሰ፣ በሩ ላይ የታዩት እርስዎ አይደሉ እንዴ?» አላቸው አንዱ። ጋሽ ታደሰ ባርኔጣቸውን ይዘው ቆሙ።

ረፋዱ ላይ አንድ ሐሳብ መጣልኝ። ከጥቂት ቀናት በፊት ኮሚናሉ ውስጥ ስንለማመድ ቀርጬ ነበር። ካሜራውን ይዤ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጥኩና ከፍቼ አሳየኋቸው። ያው ሰዎች ናቸው፣ ያው ነጠላ፣ ያው ኮት። ጋሽ ታደሰ ሊያረዱ ሲጀምሩ ቃሉ ይጠፋቸዋል፤ ይሞክራሉ፣ እንደገና ይጠፋቸዋል፤ መጨረሻ ላይ ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። እናቴም ከኋላ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ትንፈቀፈቃለች።

እትዬ ወርቅነሽ እንባቸውን ጠርገው ወደ ትንሿ ስክሪን ተጠጉ። «ይሄ የሚስቀው ታደሰ ነው?»

«አዎ እትዬ።»

«እኔ ታደሰ ሲስቅ አይቼ አላውቅም።» እንደገና አስደገሙኝ። ካዩ በኋላ ትንፋሻቸው ትንሽ ረጋ አለ። «እሺ፣ እውነትሽን ነው። ፊልም ይሁን። እናንተ የምታውቁት ነገር የለም። ልጄ ግን ስልኩን ለምን ዘጋ?»

አመኑን፤ ግን ፍርሃቱ ከእኛ ጋር የመጣ አልነበረም ለካ፤ ድሮም ቤታቸው ውስጥ ነበር። ሀብታሙ መሪ በጨበጠ ቁጥር ሲፈሩት የኖሩትን ነው በር ላይ ያየነው። ሰዎቹን ሁሉ ሳሎን እንዲቀመጡ ነግረው አስወጧቸው፤ እኔ ልነሳ ስል እጄን ያዙኝ።

«ያ ነገር አሁን ይቀርጻል?»

«ካሜራው? ይቀርጻል።»

«እንግዲያው ያዢው። ለሀብቴ የምለው አለኝ። ካለልኝ ያየዋል። ከሌለም ይውጣልኝ።»

ያዝኩት። መብራት የለ፣ ልምምድ የለ፣ የጻፍኩት ነገር የለ። እሳቸው ፀጉራቸውን በእጃቸው አስተካከሉና ወደ ካሜራው አዩ። እንዲህ አሉ፤ ቃል በቃል ነው ማለት ይቻላል፣ ስንት ጊዜ ሰምቼዋለሁ።

«ሀብቴ፣ እናትህ ነኝ። ይኸው ቀሚሴን እንኳ ሳልቀይር። ስለዚያች ልጅ ነው የምነግርህ፤ ስለ ጸጋ። ‹ጴንጤ ናት፣ ወገኗም ሌላ ነው፣ ሞቼ ነው ቆሜ የምታገባት?› ያልኩህ ጊዜ ዝም አልከኝ። ዝም ስትል የተውካት መሰለኝ፤ ደስ አለኝ። ልጅቷ ምን አደረገችኝ? ምንም። ሰው ምን ይለኛል ብዬ ነው። አንድ ነገር ደብቄሃለሁ። ባለፈው ክረምት ታምሜ ተኝቼ ሳለሁ ጸጋ ሾርባ ይዛ መጣች። አንኳኳች። ‹እትዬ፣ እኔ ነኝ› አለች። እኔ ነቅቻለሁ፣ ሰምቻለሁ፤ አልከፈትኩላትም። ቆማ ቆማ ሄደች። ደረጃውን ስትወርድ ኮቴዋን እሰማ ነበር። የተራበ ሰው እንኳ እንዲህ አይመለስም። አሁን ካለህልኝ አግባት። የፈለጋችሁበት ጸሎት ቤት ይሁን፣ መጥቼ ከፊት እቀመጣለሁ። ብቻ ኑርልኝ ልጄ። ሌላ ምንም አልፈልግም፣ ኑርልኝ።»

እያለቀስኩ ነው የቀረጽኩት፤ ምስሉ ይንቀጠቀጣል። ጸጋን አውቃታለሁ፤ ፊት ለፊታችን ባለው ብሎክ ምድር ቤት ፀጉር ቤት ነው የምትሠራው፤ ቤተሰቦቿ ከሆሳዕና ናቸው። እሷና ሀብታሙ እንዳልተለያዩ ከእትዬ ወርቅነሽ በቀር የብሎኩ ሰው ሁሉ ያውቃል።

«እትዬ፣ ጸጋን ልጥራት?» አልኩ ፈራ ተባ እያልኩ።

«እሷ ምን ታደርግልኛለች?»

«ምናልባት... የምታውቀው ነገር ይኖር ይሆናል።»

ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው፣ «ጥሪያት» አሉ።

ደረጃውን እንዴት እንደወረድኩት አላውቅም። ጸጋ የሰው ፀጉር እየሠራች ነበር። ገና፣ «ሀብታሙ ስልኩ...» ስል ማበጠሪያውን እንደያዘች ተከትላኝ ወጣች። ያ ሁሉ ለቀስተኛ መንገድ ለቀቀላት። እትዬ ወርቅነሽ አልጋ አጠገብ ስትደርስ ቆመች፤ እጅ ትንሳ፣ ትሳማቸው፣ ታልቅስ፣ ግራ ገባት። በመጨረሻ እንዲህ አለች፦

«የጅቡቲ ቁጥሩን ሞክራችኋል?»

እትዬ ወርቅነሽ ከትራሳቸው ቀና አሉ።

«የምን የጅቡቲ ቁጥር?» አሉ እትዬ ወርቅነሽ።

«ድንበር ሲያልፍ ሲም ካርድ ይቀይራል እኮ። የኛው እዚያ አይሠራለትም።» ስልኳን አውጥታ ደወለች። ድምፅ ማጉያውን ከፈተች። ጠራ። ጠራ። ጠራ።

«ጸጊዬ!» አለ ሀብታሙ።

እትዬ ወርቅነሽ ስልኩን ከእጇ ነጠቁ። «ሀብቴ?»

«እማዬ? እንዴ! እማዬ በጸጋ ስልክ? ምን ተፈጠረ?»

«አለህ?»

«አለሁ! ወደብ ነኝ፣ ጭነት እየጠበቅኩ ነው። ማታ ባትሪ አልቆብኝ ሳልነግርሽ ነው ድንበር ያለፍኩት። ምን ሆነሽ ነው? ማነው የሚያለቅሰው?»

«ደህና ነኝ አትበለኝ። ዛሬ ደህና ነው ሲሉኝ ነው የዋሉት። ሳቅልኝ።»

«ምን?»

«ሳቅልኝ እልሃለሁ! ስትስቅ ልስማህ!»

ከዚያ ግራ በገባው ድምፅ «ሄ... ሄ...» ማለት ጀመረ፤ ነገሩ ራሱን አስቆት ነው መሰል ከልቡ ይንከተከት ገባ። ያ ወፍራም ሳቁ ክፍሉን ሞላው። እትዬ ወርቅነሽ ስልኩን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ «እሱ ነው፣ ልጄ ነው!» ብለው ተንሰቀሰቁ። እልልታው ከመኝታ ቤት ወደ ሳሎን፣ ከሳሎን ወደ ደረጃ፣ ከደረጃ ወደ ድንኳኑ ወረደ። ድንኳኑን ማንም አላፈረሰውም። ለለቅሶ የመጣው ንፍሮና ዳቦ በሳቅ ተበላ፤ ጋሽ ታደሰም በሕይወታቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ተጨበጨበላቸው።

ነገሩ እዚህ ላይ ቢያልቅ ጥሩ ጨዋታ ብቻ ሆኖ ይቀር ነበር። አላለቀም።

ከሰዓት በኋላ ሰው ሲበተን እትዬ ወርቅነሽ ፊታቸውን ታጥበው፣ ደህና ቀሚስ ለብሰው ተቀመጡ። ነፍሳቸው መለስ ስትል አእምሯቸውም አብሮ መለስ አለ።

«አንቺ፣ ለእናቱ ያልሰጠውን ቁጥር ለእሷ ሰጣት?»

«እትዬ፣ ውድ ስለሆነ ይሆናል። እርስዎ ደግሞ በቀን አሥር ጊዜ ነው የሚደውሉለት።»

«ዝም በይ! እንግዲህ ሳይለያዩ ሲያታልሉኝ ከርመዋል።» ቆጣ ብለው ወደ ካሜራው ጠቆሙ። «ጠዋት ያልኩትን ነገር አጥፊልኝ።»

ካሜራውን አነሳሁ። የተናገሩት የእሳቸው ነው፤ ልከለክላቸው አልችልም። ግን አንድ ነገር ከነከነኝ፤ ያው የድሮ አመሌ ነው።

«እትዬ፣ ያሉትን ያስታውሱታል?»

«አላስታውሰውም። እብድ ነበርኩ።»

«ሳያዩት ነው የሚያጠፉት?»

አፈጠጡብኝ። ከዚያ፣ «እስቲ አምጪው» አሉ።

ጎን ለጎን ተቀመጥን። ምስሉ ሲጀምር፣ «ውይ! ይቺ ሴትዮ ምነው እንዲህ አረጀች? ፀጉሯንስ ምን ነካው?» ብለው ሳቁ። ጥቂት ቆይቶ ሳቁ ቀረ። የሾርባው ነገር ላይ ሲደርስ አፋቸውን በእጃቸው ያዙ። አለቀ። «መልሺው» አሉ። መለስኩት። አሁንም፣ «መልሺው» አሉ። እኔ ስክሪኑን ትቼ እሳቸውን ነበር የማየው። ራሳቸውን እንደ ሌላ ሰው እያዳመጡ ነበር፤ ልክ ጎረቤት መጥታ ችግሯን እንደምትነግራቸው፣ አንገታቸውን ይነቀንቃሉ፣ ከንፈራቸውን ይመጣሉ።

«ይቺ ሴትዮ ልክ ናት» አሉ በመጨረሻ።

«የቷ?»

«ይቺ፣ ያረጀችው። አጥፊው የምትልሽ ሰው ምን ይለኛል የምትለዋ ናት። ይቺኛዋ ግን ልጇን ነው የምትፈልገው።» ካሜራውን መለሱልኝ። «አታጥፊው። ሲመጣ አሳዪው። እኔ ፊቱ ቆሜ ልለው አልችልም።»

አንባቢዎቼ፣ እኔ ያን አጭር ፊልም ጨርሼው አላውቅም። መጨረስም አልፈለግኩም። ሰው እንዴት ነው የሚያውቀው ብዬ የጀመርኩት ጥያቄ እዚያ አልጋ ጠርዝ ላይ ሌላ ሆነብኝ፤ ሰው ራሱን ሲያይ ምን ያውቃል? የሚል። ሂሳብ አያያዙን ዓመቱን ጨርሼ ተውኩት። እናቴ ኩርፊያ ገባች፤ አባብዬ አባብዬ ስትሸነፍ፣ «ቆይ፣ ሰላይነት ደመወዝ ካለው እናያለን» አለች። ከሠርጉ ሰውዬ ጋር ቆየሁ፣ መብራት ከመሸከም ካሜራ ወደ መያዝ አደግኩ፣ በኋላም የእውነተኛ ሰዎችን ታሪክ የሚያሳዩ ፊልሞች ወደ መሥራት ገባሁ። ዛሬ ላፍቶ አንዲት ጠባብ ክፍል ተከራይቼ ከሁለት ልጆች ጋር እሠራለሁ። አንድ ደንብ አለን። የቀረጽነውን ሰው ማንም ከማየቱ በፊት ራሱ አጠገባችን ተቀምጦ ያየዋል። አጥፉት ካለ እናጠፋለን። አሠሪዎች ይህን ሲሰሙ ይናደዳሉ፤ ጊዜ ማባከን ነው ይላሉ። ይበሉ። እስካሁን ያስጠፉኝ ጥቂቶች ናቸው፤ ብዙዎቹ «መልሺው» ነው የሚሉት። ለምን እንደሆነ ዛሬም በደንብ አልገባኝም። እናንተም ካላመናችሁኝ ሞክሩት፤ ለአንድ የምትወዱት ሰው በስልካችሁ ፊት የልባችሁን ተናገሩ፤ ለማንም አትላኩት፤ ቁጭ ብላችሁ እዩት። ከዚያ ምን እንደተሰማችሁ ለማወቅ እኔ እጓጓለሁ።

ሀብታሙ በሳምንቱ መጣ። ገና የመንገድ ልብሱን ሳይቀይር፣ አቧራው ፀጉሩ ላይ እንዳለ አልጋው ላይ አስቀምጬ አሳየሁት። እትዬ ወርቅነሽ ወጥ ቤት ገብተው የታጠበ ሳህን እንደገና ያጥባሉ። ሲያልቅ ተነስቶ ወጥ ቤት ገባ። ጎንበስ ብሎ ጉልበታቸውን ሲስም በበሩ አየሁ።

«ተነስ፣ እጄ እርጥብ ነው» አሉት። ቆይተውም፣ «ሂድ እንጂ። ሸሚዝህን ግን ቀይር» አሉት።

ቀየረና ወረደ። እኔና እትዬ ወርቅነሽ መስኮት ላይ ቆምን። ግቢውን አቋርጦ ወደ ፀጉር ቤቱ ሲሄድ ካሜራዬን ሳነሳ እርጥብ እጃቸውን የካሜራው መስታወት ላይ አደረጉበት።

«ይሄንን ተይው። በዓይኔ ልየው።»

አስቀመጥኩት። ጸጋ ወጣች። አንዲት ፀጉሯ ግማሹ የተሠራ፣ ግማሹ የተበተነ ደንበኛ ከኋላዋ ብቅ ብላ ታያለች። ሀብታሙ የሆነ ነገር ተናገረ። ጸጋ ቀና ብላ ወደ እኛ መስኮት አየች፤ ከዚያ አንገቷን ደፋች፣ አልተንቀሳቀሰችም።

«ምን አላት?» አሉ እትዬ ወርቅነሽ።

«ከዚህ አይሰማም እኮ እትዬ።»

መስኮቱን በሁለት እጃቸው ገፍተው ከፈቱና እስከ ወገባቸው ብቅ አሉ።

«ጸጋ!» ብለው ተጣሩ፤ ግቢው ሁሉ ቀና አለ። «ወደ ላይ ነይ የኔ ልጅ፣ በሩ ክፍት ነው!»

በሩ ግን ዝግ ነበር። ሮጬ ሄጄ ከፈትኩት።